አንዲት ፊደል

ስሜ ማናለብሽ ነው።
አባቴ ነው ያወጣልኝ፣ ሂርና፣ በበልግ ማለዳ፣
ሦስት ልጅ ቀብሮ እኔን ሲያቅፍ፣
ሞትን ከደጅ ሊመልሰው፣ እንዳልተጠራ እንግዳ።

ድሬ መጥቼ፣ ውሃ ልማት፣ ደረሰኝ ክፍል ስቀጠር፣
መታወቂያዬን የጻፈችው ልጅ ቸኩላ ነበር፤
ዓርብ፣ ስድስት ሰዓት፣ ፀሐዩ ቆርቆሮ ያቀልጣል፣
ሰው ሁሉ በርጫው ቀርቦት ከወንበሩ ይነሳል፤
አንዲት ፊደል ዘለለች።
ማናለሽ።
ደረቴ ላይ ተንጠልጥላ፣ በላስቲክ ተለብጣ፣
የአባቴ ፉከራ ጥያቄ ሆኖ ወጣ።

ማን አለሽ?

መጀመሪያ ስቄ ነበር።
ለማን ነግሬ እንደሳቅሁ ግን አላስታውስም።

ከዚራ፣ ድሮ የባቡር ሠራተኛ በኖረበት ቤት
አንድ ክፍል ተከራይቻለሁ፣ ከነቬንትሌተሩ።
ሦስት ክንፍ አለው። አንዱ ተጣሟል። ሲዞር ያወራል፦
ማ፣ ና፣ ለሽ። ማ፣ ና፣ ለሽ።
ከሰባት እስከ ዐሥር ሰዓት፣ ከተማው ሲተኛ፣
ሱቁ ሲዘጋ፣ ባጃጁ ከኒም ጥላ ሲጋደም፣
አልጋዬ ላይ ላቤን እቆጥራለሁ ብቸኛ፣
ከጣሪያ ጋር ሙግት ገጥሜ፤ መልስ ግን የለኝም።

የድሬን ውሃ ታውቁታላችሁ። ባፈሉት ቁጥር ኖራ ይጥላል።
ማንቆርቆሪያዬን ገልብጬ ሳየው ውስጡ በቅርፊት ጠቧል፤
አራት ዓመት ጠጥቼዋለሁ፤ እኔስ ውስጥ ስንት ተገንብቷል?
ደረቴን በጣቴ አንኳኳሁ፤
እንደ ባዶ በርሜል ሳይሆን እንደ ግድግዳ መለሰልኝ።
ከወዲያ ማዶ ያለው ማነው? እኔ ነኝ? ወይስ ተከራይ ገባብኝ?

በመስኮቱ ቀዳዳ እጅ ይገባል፣ ብር ይገባል፣ ፊት አይገባም።
“ቀጣይ” እላለሁ። “ቀጣይ”። ቀኑን ሙሉ ሌላ ቃል የለኝም።
አንድ ማክሰኞ ቃሉ አፌ ውስጥ ተፈረፈረ፤
ምኑ ነው የሚቀጥለው? ወዴት? ስል ሰልፉ አጉረመረመ፣
“አቦ ፍጠኚ!” አለ አንዱ።
ደረሰኙ ላይ የሰውየውን ስም ትቼ
ብ ብቻ ጽፌ ሰጠሁት።
አየው። አየኝ። አጣጥፎ ኪሱ ከቶ ሄደ።

ማታ ደቻቱ ወረድሁ። አሸዋው የቀኑን ሙቀት አልጨረሰም፤
ላስቲክ የምታኝክ ፍየል አለፈች፤ ሰው አልነበረም።
ውሃ የሌለው ወንዝ፣ ምን ቀርቶት ነው ወንዝ የሚባለው?
ጥሎት ሲሄድ ውሃው፣ ስሙን ማነው የሚጠብቀው?
ደንገጎ ላይ መብረቅ ታየ፤ ሩቅ ነው፣ ድምፅ የለውም።
እዚህ ኮከብ፣ እዚያ ዶፍ።
የዚህ አገር ጎርፍ እንዲህ ነው፤ የሌላ ሰው ዝናብ ይወስድሻል፣
ያንቺ ሰማይ ጠርቶ ሳለ።
አሸዋው ከእግሬ ሥር ተላወሰ፣ ወይም መሰለኝ።
“ብ!” ብዬ ተጣራሁ፣ ጥጃ እንደጠፋበት ሰው።
ከድልድዩ አንድ ዘበኛ ባትሪ አበራብኝ፦
“ማነሽ?”

ማን አለሽ አላለም። ማነሽ አለ።
በየመንገዱ ፊደል እያንጠባጠብሁ እዚህ ደርሻለሁ ማለት ነው።
እጄን ከዓይኔ ላይ ጋርጄ
የምሰጠው መልስ ፈለግሁ፣ ኪስ እንደሚፈትሽ ሰው።

ቤት ገብቼ ግድግዳውን በከሰል ሞላሁት፦
ብ ብ ብ
ብ ብ
ከራስጌ እስከ ግርጌ፣ ማብሪያ ማጥፊያው ላይ እንኳ፣ ብ።

ሲነጋ አዴ ዘይቱና ሐብሐብ ቆርጣ በሳህን ይዛ ገባች።
የኛን ፊደል አታውቅም፤ የምታነበው ከቀኝ ነው።
ኖራ ከተቀባ ሦስት ወር ያልሞላው ግድግዳዋን
ቆማ አየችው። አሁንም አየችው።
“ይሄ ሁሉ በር ነው እንዴ፣ ልጄ?
ሁለት መቃን፣ አንድ ጉበን… መዝጊያስ የላቸውም?”
ሳህኑን ወለሉ ላይ አኖረች፤ አጠገቡ ተቀመጠች።

መብራት ጠፋ።
ቬንትሌተሩ ማ… ና… ብሎ ቆመ።
ሦስተኛው አልመጣም።
ጠበቅነው፣
ሁለታችንም።